በር ላይ የቆመች ለቀስተኛ

«አምስት ብቻ! አምስት አምስት ነው የተባለው፣ ስድስተኛዋ ትመለስ!»

ስድስተኛዋ አልተመለሰችም። ኧረ ጭራሽ ወደፊት ገፋች! «እኔ ቀጭን ነኝ፣ ግማሽ ሰው ብለሽ ያዥኝ» አለቻት ጠባቂዋን፤ እያለቀሰች እኮ ነው እንዲህ የምትለው። ሰልፉ ላይ አንዷ ሳቀች፣ ሳቋ መሃል ላይ ወደ ለቅሶ ተቀየረ፣ ከዚያ በቃ ሁሉም ተያያዙት። ጠባቂዋ ዝም ብላ ስድስተኛዋንም አስገባቻት።

ይቺን ጠባቂ እስረኞቹ «ኮቴ» ነው የሚሏት። ከጫማዋ የተነሳ ነዋ! ከባድ ጥቁር ከስክስ ነው። ገና ከኮሪደሩ ጫፍ ቋ፣ ቋ ሲል የሚደበቀው ሁሉ ይደበቃል፣ የሚያወራው ሁሉ ጸጥ ይላል። በዚህ የሴቶች እስር ቤት ዘጠኝ ዓመት ሠርታለች፤ በዘጠኝ ዓመት ውስጥ እሷ ስትገባ ወሬውን የቀጠለ ሰው አይታ አታውቅም። አስቡት እስቲ! በገባሽበት ሁሉ ዝምታ ቀድሞሽ ሲገባ!

የሞተችው የክፍል ሁለት እስረኛ ናት፣ ልብስ ሰፊዋ። አስከሬኗን ቤተሰቦቿ ከሆስፒታል ወስደው ቀበሩ። እስረኛ ደግሞ ቀብር አይሄድም፤ ስለዚህ ኃላፊዋ ለክፍል ሁለት የሦስት ቀን ለቅሶ ፈቀደችላቸው። ከሌሎቹ ክፍሎች አምስት አምስት ሰው፣ ለአስራ አምስት አስራ አምስት ደቂቃ፣ በጠባቂ ታጅቦ። ሰዓት እያየች የምታስገባው፣ ሰዓት እያየች የምታስወጣው ማን ሆነች? ኮቴ! ከጠባቂ ሁሉ ኮቴ! እዚያ ፍራሽ ላይ ተኮልኩለው ከሚያለቅሱት ሠላሳ ስምንት ሴቶች ይልቅ አንጀቷ የተቆረጠው እኮ በር ላይ የቆመችው ናት፤ እሷ ግን ፊቷን እንደ ግድግዳ አድርጋ «ቶሎ ቶሎ ግቡ» ትላለች።

ውስጥ የሚያስተናግዱት እማማ ተጠሪ ናቸው። የክፍሉ ተጠሪ ስለሆኑ ነው እንዲያ የሚባሉት፤ ስልሳ ምናምን ዓመታቸው ነው፣ ጉልበታቸውን ያማቸዋል፣ ምላሳቸውን ግን ምንም አላመመውም።

«ነይ እዚህ ጠጋ በይ። አንቺ ደግሞ እግርሽን ሰብስቢ፣ ሳሎንሽ መሰለሽ? ሻይ ስጧት። ስኳሩን ረጋ ብላችሁ አድርጉ፣ ገና ሁለት ቀን ይቀረናል።»

ሻዩ በላስቲክ ኩባያ ይዞራል። ኮቴ ጋ ሲደርስ ይዘላታል። ሁሌም ነው የሚዘላት፤ ጠባቂ የእስረኛ ሻይ አይጠጣም፣ ደንብ ነው። ዛሬ ግን እንፋሎቱ አፍንጫዋ ስር ሲያልፍ ሆዷ ባባ። ለምን እንደሆነ አትጠይቁኝ፣ ለሻይ!

ከሰዓት ላይ ክፍል አምስቶች መጡ። መጨረሻ የገባችው ሹሩባ ናት። ሹሩባ ስሟ አይደለም፣ ሥራዋ ነው፤ የግቢውን ሴት ሁሉ ፀጉር የምትሠራው እሷ ናት። እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ የክፍል ሁለት ሰው ነበረች፣ አልጋዋም ከልብስ ሰፊዋ አልጋ አጠገብ። ገብታ የትም አልተቀመጠችም። ቀጥ ብላ ወደ ባዶው አልጋ ሄደች፣ ትራሱን አነሳችና ፊቷን ቀበረችበት። ድምፅ የለም። ትከሻዋ ብቻ ነው የሚንቀጠቀጠው።

አስራ አራት ደቂቃ። አስራ አምስት። አስራ ሰባት። ኮሪደሩ ላይ ክፍል ስድስቶች ተሰልፈው ይጠብቃሉ።

«ሰዓት» አለች ኮቴ በመጨረሻ።

ሹሩባ ትራሱን ቦታው መለሰችው፣ በእጇ ደልደል አደረገችው፣ መጥታ ፊት ለፊቷ ቆመች። «ለካ የአስራ አምስት ደቂቃ እህት ነኝ» አለች። «እሺ አለቃ።»

«እሺ አለቃ።» ወይኔ፣ ያቺ ቃል! ልብስ ሰፊዋም በመጨረሻዎቹ ቀናት ለኮቴ ከዚህ ሌላ ቃል አልነበራትም።

ሲጀመር ግን እንዲህ አልነበረም እኮ። ሲጀመር አዝራር ነበር።

አምና ነው። ኮቴ የስፌት ክፍሉ ተረኛ ነበረች። አስራ አንድ መኪና አለ፤ የሆስፒታል አንሶላና የትምህርት ቤት ዩኒፎርም ይሰፋል፤ መቀሱ ሁሉ በሰንሰለት ከጠረጴዛ ጋር ታስሯል፣ መርፌ አንድ በአንድ ተቆጥሮ ይመለሳል። አንድ ቀን ሌሎቹ ለምሳ ወጥተው ልብስ ሰፊዋ መርፌዋን ልታስረክብ ቀረት አለች። ኮቴን ከላይ እስከ ታች አየቻትና ምን ብትል ጥሩ ነው?

«አንገትሽ ጋ ያለው አዝራር ሊወድቅ ነው። ቁጭ በይ።»

ቁጭ በይ! ለጠባቂ!

ኮቴ ልትቆጣ አፏን ከፈተች። ከዚያ... ተቀመጠች። ራሷን ገረማት! «ተቀመጡ፣ ተነሱ፣ ዞር በሉ» የምትለው እሷ፣ አንዲት እስረኛ ቁጭ በይ ስላለቻት ቁጭ! ልብስ ሰፊዋ ሸሚዙን ሳታስወልቅ እዚያው ላይዋ ላይ ሰፋችው፤ የመርፌው ጫፍ ከጉሮሮዋ የጣት ያህል ነው የሚርቀው። ስትጨርስ የመቀሱ ሰንሰለት አልደርስ አለ። ምን አደረገች? ጎንበስ ብላ ክሩን በጥርሷ በጠሰችው። ትንፋሿ አንገቷ ላይ! በቃ፣ አለቀ! ኮቴ ቀኑን ሙሉ ያንን አዝራር ስትነካ ዋለች። ቤቷ ሄዳም ነካችው። ብቻዋን ነው የምትኖረው፤ አንድ ክፍል፣ አንድ አልጋ፣ አንድ ወንበር። ቤቱ ውስጥ ሁለተኛ ወንበር እንደሌለ ለመጀመሪያ ጊዜ የታያት ያን ቀን ነው።

ከዚያማ ነፍሷን ሳተች። የእጅ ቅባት አመጣችላት። ቀይ ክር አመጣችላት። «ትርፍ ሥራ አለ» እያለች ግማሽ ግማሽ ሰዓት አስቀረቻት። ምን ያወሩ ነበር? ምንም! ስለ ዝናብ፣ ስለ ጥርስ ሕመም፣ ልብስ ሰፊዋ ልጅ ሳለች ስለነበረቻት አንካሳ ዶሮ። እጅ ለእጅ ይያያዛሉ፣ ኮሪደሩ ላይ ድምፅ ሲሰማ ይለቃቀቃሉ። እስረኛ ደግሞ ምን ያመልጠዋል! ኮቴ ጠዋት ስትገባ ከኋላ አንዷ «ዛሬ ከስክሱም ሽቶ ሽቶ ይላል!» ስትል ክፍሉ በሳቅ ይፈርሳል። ኮቴ ዞር ብላ ታፈጣለች፤ ሆዷ ግን እየሳቀ።

አንድ ቀን ልብስ ሰፊዋ መኪናዋን አቆመችና ጠየቀቻት።

«እምቢ ብልሽ ኖሮ ምን ታደርጊኝ ነበር?»

«እኔ? ምንም! ምን አደርግሻለሁ?»

«እርግጠኛ ነሽ?»

«እንዴት እንዲህ ትያለሽ? አታምኚኝም ማለት ነው?»

«ማመን የሚባለው እኮ አለማመንም ሲቻል ነው» አለች ልብስ ሰፊዋ፣ ክሩን በጣቷ እየጠቀለለች። «አንቺ በሩን ከውጭ ነው የምትዘጊው። እኔ ማድረግ የምችለው ደግ ሆነሽ እንድትቆዪ መመኘት ነው።»

ኮቴ ያን ቀን ተቀየመች። ኧረ አስቡት፣ የተቀየመችው እሷ ናት! ሁለት ቀን አኮረፈቻት። በሦስተኛው ቀን ልብስ ሰፊዋ ሳቅ ብላ «ነይ እጅጌሽን ላሳጥርልሽ» አለቻት፣ ታረቁ። ያ ሳቅ ግን የደስታ ይሁን የፍርሃት፣ ኮቴ አልጠየቀችም። ብትጠይቅስ እውነቱን ማን ይነግራታል?

በለቅሶው ሁለተኛ ቀን ወሬው ተቀየረ። ለቅሶ ቤት እንዲህ አይደል? መጀመሪያ እንባ ነው፣ በነጋታው ምክንያት ፍለጋ። ኮቴ በሩን ተደግፋ ጆሮዋን ጣል አደረገች።

«ትርፍ አንጀቷ ፈንድቶ ነው አሉ።»

«ትርፍ አንጀት እኮ ከተደረሰበት ቀላል ነው! የአክስቴን ልጅ ቀደዷት፣ በሳምንቷ ሰርግ ላይ ስትጨፍር ነበር።»

«ታዲያ ለምን አልደረሱባትም?»

«ያቺ የክሊኒክ ነርስ ናታ! ጠዋት የሄደችን ሰው እስከ ዘጠኝ ሰዓት አስቀምጣ!»

«እሷን ብሎ ነርስ!»

«ከዛሬ ጀምሮ ከእጇ ክኒን የምትቀበል ካለች እኔን አታናግረኝ።»

እማማ ተጠሪ ኩባያ እየሰበሰቡ ቀና አሉ። «ጠዋት ስትሄድ ማን አያት?»

ሴቶቹ እርስ በርስ ተያዩ።

«እንደዚያ ነው የሚባለው እማማ» አለች አንዷ።

«የሚባለውንማ ሰማሁ። ያየ አለ ወይ ነው ያልኩት።» ዞር ብለው በሩን አዩ። በሩን ማለት... እሷን። ኮቴ ሰዓቷን ያየች መሰለች። ስንት ሰዓት እንደሆነ ግን ብትጠየቅ አታውቅም ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። አንድ እሑድ ከሰዓት በበሩ ትንሽ መስኮት ወደ ውስጥ አየች። ሹሩባ አልጋ ላይ ተቀምጣለች፣ ልብስ ሰፊዋ መሬት ላይ፣ ጭንቅላቷ ሹሩባ ጉልበት ላይ። ሹሩባ ፀጉሯን እየጎነጎነች በጆሮዋ የሆነ ነገር ትላታለች፤ ልብስ ሰፊዋ ዓይኗን ጨፍና ትስቃለች። ይኸው ነው! ሌላ ምንም የለም! ግን ሳቁ! ትከሻዋ እስኪንቀጠቀጥ፣ አፏን ሳትሸፍን። ኮቴ ጋር ስትስቅ ሁሌም አንድ ዓይኗ ክፍት ነው።

ቅናት ደግሞ እስክሪብቶ ሲይዝ ጉድ ነው። ሰኞ ጠዋት ኮቴ አንዲት ቅጽ ሞላች። «ከክፍል ሁለት ወደ ክፍል አምስት። ምክንያት፦ የቦታ መጣበብ።» ሹሩባ ብርድ ልብሷን ጠቅልላ ወጣች። ክፍል አምስት ግቢው ጥግ ላይ ነው፣ ከክሊኒኩ ጋር ግድግዳ ይጋራል።

ልብስ ሰፊዋ አልጮኸችም፣ አላለቀሰችም። በነጋታው ኮቴ «ምነው ዝም አልሽ?» ስትላት «እሺ አለቃ» አለች። እጇን ስትይዛት እጇን አልነጠቀቻትም፤ ሰጠቻት፣ ልክ እንደ ቁራጭ ጨርቅ። ከመነጠቅ አይብስም? አስራ አንድ ቀን እንደዚያ!

በአስራ ሁለተኛው ቀን፣ ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ፣ የቆጠራው ሰልፍ ሲበተን ራሷ መጣች። ግንባሯ ላይ ላብ ነበረ።

«ሆዴን አሞኛል። ክሊኒክ ላኪኝ።»

ክሊኒክ ለመሄድ የጠባቂ ወረቀት ያስፈልጋል። አንዲት ፊርማ ናት፣ ደቂቃ አትፈጅም። ኮቴ ግን ምን አሰበች መሰላችሁ? ክሊኒኩ ክፍል አምስት አጠገብ ነው። ያቺን ልታይ ነው። እኔን አስራ አንድ ቀን ዘግታ ለእሷ ሲሆን አፏ ተከፈተ።

«ከሰዓት ይታያል» አለች።

«የእውነቴን ነው።»

«ከሰዓት አልኩ!»

ወረቀቱን የጻፈችላት ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው። ልብስ ሰፊዋ ግድግዳ ግድግዳውን ይዛ ነው የሄደችው። ነርሷ ገና ስታያት አምቡላንስ ጠራች፣ አብራት ሆስፒታል ሄደች፣ አብራት አደረች። በነጋታው ጠዋት ብቻዋን ተመለሰች።

በሁለተኛው ቀን ለቅሶ ማምሻ ላይ ኃላፊዋ ኮቴን ቢሮ አስጠራቻት።

«ሪፖርትሽ ላይ የላክሻት ሰዓት የለም። ጠዋት ነው አይደል? እኔ ለበላይ አካል እንደዚያ ብያለሁ። ጻፊና ነገ አምጪልኝ።»

«ነርሷስ?»

«ነርሷ አዘገየች ይባላል። ከሥራ ትነሳ ይሆናል፣ ሌላ ይመደባል። አንቺ ዘጠኝ ዓመት ያገለገልሽ ሰው ነሽ፤ ስለ ሰው ምን አስጨነቀሽ? ደግሞ ፊትሽ ምን ሆኗል? አሞሻል እንዴ?»

«አላመመኝም።»

ቤቷ ስትገባ ደረጃው ላይ ጎረቤቷን አገኘቻት። «ደከም ብሎሻል፣ ሥራ በዛ?» አለቻት ጎረቤቷ።

«በዛ።»

«አይዞሽ።»

በቃ፣ ይኸው ነው! ልብስ ሰፊዋ ከሞተች ወዲህ ኮቴን «አይዞሽ» ያላት ሰው ይቺ ናት፣ እሷም ለሥራ ብዛት ነው ያለቻት። ኮቴ ግን ቃሏን ይዛ ገባች፣ ወንበሯ ላይ ተቀመጠች፣ አይዞሽ፣ አይዞሽ እያለች ለራሷ ደገመችው። ለማን ትንገር? የምወዳት ሞተችብኝ ብትል፣ ማን ናት ይሏታል። የገደልኳት ሴት አለች ብትል፣ ማን ናት ይሏታል። መልሱ ደግሞ አንድ ነው እኮ! እራት አልበላችም። ወረቀቱን ጭኗ ላይ ዘርግታ ጻፈች።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት ኃላፊዋ ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠችው። ሦስት መስመር ነው። «ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ እንዳመማት ነገረችኝ። የላክኋት ከሰዓት ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው። ነርሷ አላዘገየችም።»

ኃላፊዋ ሁለት ጊዜ አነበበችው። መነጽሯን አወለቀች። «ለምን ሰባት ሰዓት ሙሉ?»

«ቀንቼ።»

«ምን?»

«ቀንቼ ነው።»

ኃላፊዋ በሩ መዘጋቱን አየች። «ይኼን አልሰማሁሽም። ሰዓቱን ግን በእጅሽ ጽፈሻል፤ ነገ ጠዋት ቁልፍሽን ታስረክቢያለሽ፣ ከዚያ በኋላ ያለውን አጣሪዎቹ ያውቃሉ። ዛሬ የምተካው ሰው የለኝም። ሂጂና ለቅሶውን ጨርሺ።»

ኮቴ መጀመሪያ ክፍል አምስት ሄደች። ሹሩባን ብቻዋን ጠራቻት።

«ተራችን እኮ አልፏል አለቃ።»

«አውቃለሁ። ነይ።»

አብረው ግቢውን አቋረጡ። ሰማዩ ጠቁሯል። ክፍል ሁለት ሲደርሱ ኮቴ እንደ ሁልጊዜው በሩ ላይ አልቀረችም፤ ገባች፣ እስከ መሃል ድረስ። ወሬው ቀጥ አለ።

«ነርሷ አይደለችም» አለች። ድምጿ የሌላ ሰው መሰላት። «እኔ ነኝ። ጠዋት ነግራኛለች። ሹሩባን ልታይ የምትሄድ መስሎኝ ከለከልኳት። እስከ ዘጠኝ ሰዓት ድረስ። ሹሩባንም ከዚህ ያስወጣሁት እኔ ነኝ፣ ቦታ ጠቦ አይደለም።»

ምን ጠብቃ ነበር? ጩኸት፣ ኩባያ፣ ምራቅ። ምንም! አንዷ ሻይዋን ቀስ አድርጋ መሬት አስቀመጠች። ሌላዋ ሻሿን ዓይኗ ላይ ሳበች። «እኔ እኮ ያቺን ነርስ...» ብላ የጀመረችው ሳትጨርሰው ቀረች።

ሹሩባ ጠጋ አለቻት። በጣም ጠጋ።

«ስለ አንቺ ምን ትለኝ እንደነበር ታውቂያለሽ?»

ይኸ እኮ ነው! ዓመት ሙሉ ልትጠይቅ የፈራችው ይኸ ነው! ወዳኝ ነበር ወይስ ፈርታኝ? ስትስቅልኝ ለእኔ ነበር ወይስ ለቁልፉ? ዓለም ላይ መልሱን የምታውቅ አንዲት ሴት ቀርታለች፣ እሷም ይኸው ክንድ ርቀት ላይ ቆማለች።

«ምን ትል ነበር?»

«ሁሉንም ነው የነገረችኝ። ከአዝራሩ ጀምሮ።» ሹሩባ ዓይኗን አልነቀለችም። «አልነግርሽም።»

«እባክሽ። መጥፎም ቢሆን።»

«መጥፎም ቢሆን፣ ጥሩም ቢሆን። ይኼ የእኔ ነው።»

እማማ ተጠሪ ጉልበታቸውን ይዘው ተነሱ። አጠገቧ ደረሱ፣ አዩዋት፣ ረጅም ጊዜ። «ልጄ» አሉ። ለሁሉም የሚሉት ነው፣ ለኮቴ ግን ብለዋት አያውቁም። «አሁን ውጪልን። በወጉ እናልቅስ።»

ወጣች። ሹሩባን «ሰዓት» አላለቻትም፤ እዚያው ተወቻት። በሩን ግን ቆለፈች፤ እሷ ሳትሆን እጇ ነው የቆለፈው፣ ለምዶበት።

ግቢው ባዶ ነው። የመጀመሪያዋ ጠብታ ግንባሯ ላይ አረፈች፣ ከዚያ ሁለተኛዋ፣ ከዚያ ዝናቡ አንድ ጊዜ ለቀቀው። ገመዱ ላይ የክፍል ሁለት ልብስ በሙሉ ተሰጥቷል። ሌላ ቀን ቢሆን ኖሮ «ልብሴ! ልብሴ!» የሚል ጩኸት ነበር፣ ሩጫ ነበር፣ ተንሸራትታ የወደቀች ላይ መሳቅ ነበር። ዛሬ ማንም የለም። ኮቴ ትንሽ አየችው። ከዚያ ሄዳ ማንሳት ጀመረች። ቀሚስ፣ የውስጥ ልብስ፣ የተጣፈ አንሶላ፣ ጥንድ ያጣ ካልሲ። መቆንጠጫውን ኪሷ ውስጥ፣ ልብሱን ክንዷ ላይ፣ እስከ አገጯ ድረስ። ከባድ ነው፣ ውሃ ጠጥቷል። አንዱም መሬት እንዳይነካ እየተጠነቀቀች በረንዳው ስር ደረሰች።

ከብረት በሩ ጀርባ ለቅሶው ተነስቷል። ሦስት ቀን ሙሉ እሷ ፊት ያላለቀሱት ለቅሶ ነው።

ቁልፉ ወገቧ ላይ ነው፣ እስከ ነገ ጠዋት ድረስ የእሷ ነው። ከፍታ መግባት ትችላለች። ዘጠኝ ዓመት እንደዚያ ነው የገባችው፤ ሲተኙም፣ ሲለብሱም፣ ሲያለቅሱም። እዚህ ግቢ ውስጥ በር አንኳኩቶ የሚያውቅ ጠባቂ የለም። ከውስጥ ሆና መክፈት የምትችል ሴትም የለችም።

ኮቴ ልብሱን ወደ ደረቷ ጥብቅ አደረገችና በክርኗ ብረቱን ሁለት ጊዜ መታ መታ አደረገችው፣ ቀስ ብላ።

ለቅሶው ዝም አለ።

እዚያው ቆማ ጠበቀች።